ሞሊ ዳይቭ በአንድ ሐረግ የሚታለፉ ሰው አይደሉም

ይድረስ ለተከበሩ አዘጋጅ፣

በስፖርት ዓምዳችሁ ስለ ሴቶች ክሪኬት ታሪክ ያወጣችሁትን ጽሑፍ በደስታ አንብቤዋለሁ። ስለዚህ ጨዋታ በአማርኛ እምብዛም አይጻፍምና ጸሐፊው ሊመሰገኑ ይገባል። ይሁንና በ1949 እ.ኤ.አ. እንግሊዝን ስለረታው የአውስትራሊያ ቡድን ሲተረክ፣ ቡድኑን የመሩት ሞሊ ዳይቭ በአንድ ሐረግ ብቻ መጠቀሳቸውና የሳይንስ ባለሙያ መሆናቸው ጭራሽ አለመነሣቱ አሳዝኖኛል። ሲድኒ ውስጥ የምኖር የፊዚክስ መምህር እንደመሆኔ፣ የተዘለለውን ለአንባቢዎቻችሁ ማሟላት ግዴታዬ መስሎ ታየኝ። ከዚህ በታች የጠቀስኋቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሙሉ ስማቸው ሜሪ ክላውስተን ዳይቭ ቢሆንም የሚታወቁት ሞሊ በሚለው መጠሪያ ነው። በ1913 ሲድኒ ተወለዱ። አባታቸው ፐርሲ ዳይቭ ለኒው ሳውዝ ዌልስ ቡድን የተሰለፉ ስለነበሩ ክሪኬት ለቤተሰቡ እንግዳ አልነበረም። እሳቸው በሲድኒ ዩኒቨርሲቲ ሳይንስ ተምረው ተመረቁ፤ ከክሪኬቱ ጎን ለጎንም ሆኪ ይጫወቱ ነበር። ከዚያም በአገሪቱ የሳይንስና የኢንዱስትሪ ምርምር ምክር ቤት፣ ማለትም በ1949 ስሙ ተለውጦ ዛሬ ሲኤስአይአርኦ በሚባለው ትልቅ የመንግሥት ተቋም፣ ተቀጥረው ሠርተዋል።

በዚያ ዘመን አንዲት ሴት በእንዲህ ያለ ተቋም መሥራቷ ምን ማለት እንደነበር ለመረዳት በዚያው ተቋም የነበሩትን ሩቢ ፔይን ስኮትን ማስታወስ ይበቃል። ፔይን ስኮት ከሞሊ ዳይቭ በአንድ ዓመት የሚበልጡና ከዚያው ከሲድኒ ዩኒቨርሲቲ የወጡ የፊዚክስ ሊቅ ሲሆኑ፣ በጦርነቱ ጊዜ በራዳር ምርምር፣ ከጦርነቱም በኋላ ከፀሐይ የሚመጣውን የራዲዮ ሞገድ በማጥናት ለአዲሱ የራዲዮ አስትሮኖሚ መሠረት ከጣሉት አንዷ ናቸው። በ1944 ማግባታቸው በ1950 ሲታወቅ ግን ቋሚ ሠራተኛነታቸውን ተነጠቁ፤ ያገባች ሴት በመንግሥት ሥራ በቋሚነት እንዳትቀጠር የሚያግደው ደንብ እስከ 1966 ድረስ አልተሻረም ነበርና። ሞሊ ዳይቭ ብሔራዊውን ቡድን የመሩት ሕጉ እንዲህ በነበረባቸው ዓመታት ነው።

አንባቢ ልብ ሊለው የሚገባ ሌላም ነገር አለ። ከ1937 እስከ 1948 በሴቶች መካከል አንድም የቴስት ግጥሚያ፣ ማለትም በአገሮች መካከል ለበርካታ ቀናት የሚካሄደው ረጅሙ የክሪኬት ጨዋታ፣ አልተካሄደም። በመሆኑም ዳይቭ መጋቢት 1948 በዌሊንግተን ከኒውዚላንድ ጋር የመጀመሪያ የቴስት ግጥሚያቸውን ሲያደርጉ 34 ዓመት ሞልቷቸው ነበር፤ ያን ዕለት ወደ ሜዳ የገቡትም በካፒቴንነት ነው። አውስትራሊያ በአንድ ኢኒንግስ (የመምታት ተራ) ብቻ ኒውዚላንድ በሁለት ኢኒንግስ ካስቆጠረችው በ102 ረን (የክሪኬት ነጥብ) በልጣ አሸነፈች።

በእግር ኳስ ዓይን ለምናይ ሰዎች የክሪኬት ካፒቴን ድርሻ በቀላሉ አይገባንም። በእግር ኳስ ጨዋታውን ከመስመር ውጪ ቆሞ የሚመራ አሠልጣኝ አለ። በክሪኬት ግን ኳሱን ማን እንደሚወረውር፣ ወርዋሪው መቼ እንደሚለወጥ፣ እያንዳንዱ ተጫዋች ሜዳው ላይ የት እንደሚቆም፣ ቡድኑም ያስቆጠረው ነጥብ በቃኝ ብሎ መቼ መምታቱን እንደሚያቆም የሚወስነው እዚያው ሜዳ ውስጥ ያለው ካፒቴን ነው። የሴቶቹ ግጥሚያ በዚያን ጊዜ ሦስት ቀን ይፈጅ ስለነበር፣ የኳሱ መድከም፣ የሜዳው መሰነጣጠቅና የአየሩ መለዋወጥ ሁሉ በየሰዓቱ እየተመዘነ ውሳኔው መቃናት ነበረበት። ዳይቭ ከለመዱት የሳይንስ ሙያ ጋር የሚዛመድ ሥራ ይመስለኛል፤ ይህ ግን የእኔ የመምህሯ አስተያየት ነው።

ቀጥሎ የእንግሊዝ ቡድን ወደ አውስትራሊያ መጣ። አውስትራሊያ ባሸነፈችበት የአደላይድ ግጥሚያ የቡድኑ ተጫዋች ቤቲ ዊልሰን 111 ረን ካስቆጠሩ በኋላ 23 ረን ብቻ ሰጥተው ስድስት መቺዎችን አሰናበቱ፤ ጽሑፋችሁ ይህን በሚገባ ገልጾታል። የቀሩት ሁለት ግጥሚያዎች በአቻ ውጤት ስለተፈጸሙ አውስትራሊያ በሴቶች ክሪኬት እንግሊዝን ለመጀመሪያ ጊዜ በተከታታይ ግጥሚያ ረታች። በ1951 ደግሞ ቡድኑ በመርከብ ወደ እንግሊዝ ተጉዞ በዉስተር በሁለት ዊኬት (ሊሰናበቱ የሚችሉ ሁለት መቺዎች ሲቀሩት) ሲያሸንፍ፣ በለንደን ኦቫል ተሸንፎ አንድ ለአንድ ተለያየ። በአጠቃላይ ዳይቭ ሰባት የቴስት ግጥሚያ ተጫውተው ሰባቱንም በካፒቴንነት መሩ፤ ሦስቱን አሸነፉ፣ የተሸነፉት አንዱን ብቻ ነው። ለዚህ ሁሉ ደመወዝ የሚባል ነገር አልነበረም። እንጀራቸውን የሚያገኙት ከሥራቸው ስለነበር፣ ወራት የሚወስድ የባሕር ጉዞ ማለት ከሥራ ወራት መለየት ማለት ነበር።

ዳይቭ በ1997 አረፉ። በኖርዝ ሲድኒ ኦቫል አንደኛው የተመልካች መቀመጫ በስማቸው ተሰይሟል። በኅዳር 2017 የመጀመሪያው የሴቶች የቀንና የማታ ቴስት በዚያ ሜዳ ሲካሄድ አውስትራሊያዊቷ ኤሊስ ፔሪ ከመምታት ሳትሰናበት 213 ረን አስቆጠረች። እኔም ወደዚያ በሄድሁ ቁጥር ስማቸውን ቀና ብዬ አነባለሁ። አጠገቤ የተቀመጡ ተመልካቾችን ማን እንደነበሩ ብጠይቅ፣ ካፒቴን መሆናቸውን የሚነግሩኝ አንዳንዶች ናቸው፤ ሳይንቲስትነታቸውን የነገረኝ ግን እስከ ዛሬ የለም።

ስለዚህ ዝግጅት ክፍሉን የምለምነው፣ በሚቀጥለው እትም ስለ ሞሊ ዳይቭ ራሱን የቻለ ጽሑፍ እንዲያወጣ፣ ደመወዝ ባልነበረበት ዘመን ስለተጫወቱ ሴቶች በተጻፈ ቁጥርም እንጀራቸውን በምን ሥራ ያገኙ እንደነበር አብሮ እንዲጠቀስ ነው። ከተፈቀደልኝ ጽሑፉን በማዘጋጀት ለመርዳት ፈቃደኛ ነኝ።

ከአክብሮት ጋር፣
የዘወትር አንባቢያችሁ፣ ከሲድኒ