ቤቱን የሚናፍቀው ልጅ

ይድረስ ለወንድምዓለም፣

ለጤናህ እንደምን ከርመሃል? ባለቤትህ፣ ልጆችህ፣ ሁሉም ደህና ናቸው? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ደሴም ብርዷም ያው እንደምታውቃቸው ናቸው።

ከተጠፋፋን አሥራ ሁለት ዓመት አለፈን። በመሃል እናትህ ሲያርፉ ለቅሶ መጥቼ ነበር። እጅህን ጨብጬ "እግዜር ያጽናህ" አልኩህና ጥግ ይዤ ተቀመጥኩ። ሌላ ቃል አልወጣኝም። ዛሬ የምጽፍልህ ያን ቀን ልነግርህ ይገባኝ የነበረውን ነው። ግን በኳስ ልጀምር። እኔና አንተ ወሬ ስንጀምር መቼም በኳስ ነበር።

ሄሱስ ናቫስን ታስታውሰዋለህ? በ2010 የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ፣ ፒያሳ ሻይ ቤት ውስጥ ተጣብበን ተቀምጠን። (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፍልህ።) እኔ ከሆላንድ፣ አንተ ከስፔን። በ60ኛው ደቂቃ ፔድሮ ወጥቶ አንድ ቀጭን ልጅ ገባ። "ይሄ ልጅ ሩጫ አለው፣ እየው" አልከኝ። ሰዓቱ ወደ እኩለ ሌሊት ሲጠጋ፣ ጭማሪው ሊያልቅ ትንሽ ሲቀረው፣ ያ ልጅ ከራሱ ሜዳ ኳስ ይዞ ተነሳ። አንተ ቆመህ "ሩጥ! ሩጥ!" ትላለህ። ኢኒየስታ፣ ፋብሬጋስ፣ እንደገና ናቫስ፣ ቶሬስ፣ ፋብሬጋስ፣ ከዚያ ኢኒየስታ አገባ። 116ኛው ደቂቃ። ሰው ሁሉ ስለ ኢኒየስታ ሲጮህ አንተ "ሩጫውን የጀመረው እሱ ነው" እያልክ ትከራከር ነበር። ልክ ነበርክ።

ያኔ ያላወቅነው ነገር አለ። ያ ልጅ ከሦስትና ከአራት ዓመት በፊት ቢሆን ኖሮ ጆሃንስበርግ ድረስ ሊሄድ አይችልም ነበር። ከቤቱ መራቅ ያሳምመው ነበር።

የተወለደው ሎስ ፓላሲዮስ በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። ከሴቪያ ብዙ አትርቅም፤ የምትታወቀው በቲማቲሟ ነው። (ጋቪና ፋቢያን ሩዊዝም የዚያች ከተማ ልጆች ናቸው። ምን ዓይነት አፈር እንደሆነ እንጃ።) ለሴቪያ ዋናው ቡድን የመጀመሪያ ጨዋታውን ያደረገው በኅዳር 2003፣ 18 ዓመት በሞላው በሁለተኛው ቀን ነው። በቀኝ መስመር እየበረረ ለእነ ካኑቴና ሉዊስ ፋቢያኖ ኳስ ያሻማል። በ2006 እና በ2007 የዩኤፋ ዋንጫን በተከታታይ አነሳ። ግን ቡድኑ ለዝግጅት ካምፕ ሲገባ፣ ብዙ ቀን ከቤት መራቅ ሲመጣ፣ ጭንቀቱ ይነሳበታል። በ2006 ቼልሲ ሊወስደው ፈልጎ ነበር፤ አልሆነም። ብሔራዊ ቡድንም ለዓመታት ራቀው። እግሩ ችሎ ልቡ እምቢ አለ።

በ2007 ደግሞ አንቶኒዮ ፑዌርታን አጣ። አብረው ከሴቪያ ታዳጊዎች ያደጉ ናቸው። ፑዌርታ በነሐሴ ከሄታፌ ጋር ሲጫወቱ ሜዳ ላይ ወደቀ፤ በሦስተኛው ቀን አረፈ። ዕድሜው 22 ነበር። ናቫስ ኋላ ላይ የፑዌርታን 16 ቁጥር ለበሰ፤ እስኪያቆምም አላወለቀውም። ይሄን ሳስብ ሆዴ ይባባል።

የሚገርመኝ እንዴት እንደወጣው ነው። አልደበቀውም። ታመምኩ አለ፣ በባለሙያ ታገዘ፣ ቀስ በቀስ ራሱን አለማመደ። ክለቡም "ምን ሆንክ?" ብሎ አላፈጠጠበትም፤ ጠበቀው። በኅዳር 2009 የስፔን አሰልጣኝ ዴል ቦስኬ ጠራው፣ ሄደ። ስምንት ወር ሳይሞላ የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ላይ ነበር።

በ2013 ጭራሽ ማንችስተር ሲቲ ገባ። ቶተንሃም ላይ 15 ሰከንድ ሳይሞላ ያገባትን ጎል አይተሃት ይሆናል። ያን ዓመት ፕሪሚየር ሊጉን በላ። አራት ዓመት በዚያ ዝናብና ብርድ ኖረ። እሱ በሌለበት ሴቪያ ዩሮፓ ሊግን ሦስት ጊዜ በተከታታይ አነሳ፤ እንዴት እንደቆጨው ሳስብ ያሳዝነኛል። በ2017 ግን ቤቱ ተመለሰ። ማንም አልሳቀበትም። ከመስመር አጥቂነት ወደ ቀኝ ተከላካይነት ወርዶ፣ አምበል ሆኖ፣ በ2020 እና በ2023 ዋንጫውን ራሱ አነሳው።

እዚህ ላይ ነው የኔ ጉዳይ የሚመጣው።

አንተ ከዱባይ በአራተኛው ወር ስትመለስ ምን እንዳልኩህ አልረሳሁትም። ሰው ባለበት፣ እዚያችው ሻይ ቤት፣ "ስንቱ ሴት ልጅ ችላ የምትኖረውን አንተ አራት ወር አቃተህ?" አልኩህ። አንተ ሌሊት እንቅልፍ እንደማይወስድህ፣ ደረትህን እንደሚይዝህ፣ ምግብ እንደማይወርድልህ ልትነግረኝ ጀምረህ ነበር። አላስጨረስኩህም። ሻይህን ሳትጨርስ ወጣህ። በወሩ አዲስ አበባ ገባህ። ሰዎች "ጓደኛህስ?" ሲሉኝ "ሥራ በዝቶበት ነው" እላለሁ። ያባረርኩህ እኔ ነኝ።

አሁን ለምን ትዝ አለህ ብትለኝ፣ ልጄ ናት። ያኔ የዓለም ዋንጫውን ስናይ የሦስት ዓመት ልጅ ነበረች። ዘንድሮ ዩኒቨርሲቲ ደርሷት ጅማ ሄደች። በሁለተኛው ሳምንት ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ ደወለች። "አባዬ፣ መተንፈስ አቃተኝ፣ ልምጣ" አለችኝ። ስልኩን እንደያዝኩ አንተ ትዝ አልከኝ። ያቺን ሻይ ቤት ላይ የተናገርኳትን ቃል ልጄ ላይ ልናገራት? አፌ ላይ እንኳ አልመጣችም። "ንገሪኝ፣ እየሰማሁሽ ነው" አልኳት። እስኪነጋ አወራን።

ስለ ናቫስ የነገርኳት ያን ሌሊት ነው። ኳስ አትወድም፤ ግን ሰማችኝ። በተለይ የ2024ቱን የአውሮፓ ዋንጫ ወደደችው። ናቫስ 38 ዓመቱ ነው፣ ዳሌው ታሞ ከጨዋታ በኋላ መራመድ ያቅተዋል። ዋናው የቀኝ ተከላካይ ካርቫኻል በቅጣት ስለወጣ ግማሽ ፍጻሜው ላይ ፈረንሳይን ሊገጥም ገባ። ፊት ለፊቱ ምባፔ አለ። በዚያው በቀኝ መስመር ከፊቱ የሚጫወተው ላሚን ያማል ገና 16 ዓመቱ። ያማል ሲወለድ ናቫስ ሁለቱን የዩኤፋ ዋንጫዎች ከሴቪያ ጋር በልቶ ነበር። "የኔ እኩያ ነዋ!" አለች ልጄ። አዎ፣ የሷ እኩያ ነው። ስፔን 2 ለ 1 አሸነፈች፤ ዋንጫውንም ወሰደች። ከ2010ሩ ቡድን እዚያ የቀረው እሱ ብቻ ነበር። ያ ከቤቱ መራቅ የማይችለው ልጅ የዓለም ዋንጫ፣ ሁለት የአውሮፓ ዋንጫና የኔሽንስ ሊግ ይዞ ነው ብሔራዊ ቡድኑን የተሰናበተው።

በታኅሣሥ 2024 ኳስ አቆመ። ለሴቪያ ከ700 በላይ ጨዋታ። የመጨረሻው ጨዋታ በሪያል ማድሪድ ሜዳ በርናቤው ላይ ነበር፤ 4 ለ 2 ተሸነፉ። ግን ከጨዋታው በፊት የሪያል ማድሪድ ተጫዋቾች ግራና ቀኝ ተሰልፈው እያጨበጨቡ አሳለፉት። ብቻዬን ሳሎን ቁጭ ብዬ አየሁት። ሚስቴ "ምን ሆነህ ነው የምታለቅሰው?" አለችኝ። ምን ብዬ እመልስላታለሁ? አንተ ከጎኔ ሆነህ "ሩጫውን የጀመረው እሱ ነው" እንድትለኝ ፈልጌ ነበር።

ወንድሜ፣ አጥፍቻለሁ። ያኔ ታመህ ነበር፣ እኔ ሰነፍ አልኩህ። ይቅር በለኝ። አንተ ቤትህ መመለስህ ምንም ነውር አልነበረበትም። እናትህን የመጨረሻ ዓመታቸውን ቅርባቸው ሆነህ እየተመላለስክ ጦርካቸው፤ ይሄንን ጎረቤቱ ሁሉ ይናገራል። እኔ ነኝ ዘግይቼ የሰማሁት።

ሻይ ቤቷ ፈርሳለች፤ ቦታው ላይ የሞባይል መሸጫ ተከፍቷል። ስልኬ ግን ያው የድሮው ነው።

ልጄ አሁን ይሻላታል። ግቢው ውስጥ ከምታማክራት ሴት ጋር በሳምንት አንድ ቀን ትገናኛለች። ለጥምቀት ትመጣለች። በቀደም ስትደውል "አባዬ፣ ያ ስለ ናቫስ ያሳየህ ጓደኛህስ የት ነው?" አለችኝ።

ምን ልበላት?

ያው ወንድምህ