አባዬ፣ ያ ሳሙራይ ማን እንደሆነ ልንገርህ

ይድረስ ለምወድህ አባቴ፣

ለጤናህ እንደምን ሰነበትክ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ሁላችንም ደህና ነን። በስልክ ረጅም ወሬ ጆሮህን እንደሚያደክመው ስለማውቅ ይህን በደብዳቤ አደረግኩት። ፊደሉን ትልልቅ አድርጌዋለሁ። መነጽርህን አድርገህ ቀስ እያልክ አንብበው።

ባለፈው ከልጆቹ ጋር «ሰባቱ ሳሙራይ»ን ካያችሁ በኋላ «ያ ራሱን የተላጨው አለቃቸው ማነው? ሰውዬው ሳይጮህ ነው የሚሰማው» ብለኸኝ ነበር። ታካሺ ሺሙራ ይባላል። ያን ፊልም ያየ ሰው ብዙውን ጊዜ የሚያነሳው ቶሺሮ ሚፉኔን ነው፤ የሚዘለው፣ የሚስቀው፣ የሚያብደው እሱ ነዋ። አንተ ግን ዓይንህ ዝምተኛው ላይ አረፈ። እኔም ካንተ ጥያቄ ወዲህ ስለ ሰውዬው ሳነብ፣ ፊልሞቹንም እየፈለግኩ ሳይ ከረምኩ። ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፍልህ።

ሺሙራ በ1905 ሂዮጎ በሚባለው ክፍለ ሀገር፣ ኢኩኖ በምትባል የብር ማዕድን ከተማ ተወለደ። የሳሙራይ ዘር ነው፤ አያቱ በ1868 ቶባ-ፉሺሚ ላይ በተደረገው ጦርነት ተሰልፈዋል። ዩኒቨርሲቲ ገብቶ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ማጥናት ጀመረ። አባቱ ጡረታ ሲወጡ ግን ክፍያው ከቤተሰቡ አቅም በላይ ሆነ። ስለዚህ ወደ ማታው ክፍል ተዛወረ፤ ቀን ቀን የኦሳካ ከተማ ውሃ መሥሪያ ቤት ተቀጥሮ ይሠራ ነበር። እዚህ ላይ ስደርስ አንተ ትዝ አልከኝ። አንተም እኮ ቀን መዝገብ ቤት እየዋልክ ማታ ማታ ነው አሥራ ሁለተኛን የጨረስከው። እሱን ግን ቲያትር ያዘው። ከጓደኞቹ ጋር ቡድን አቋቋመ፤ ልምምዱ ከሥራ ሲያስቀረው እንጀራውን አጣ፤ ትምህርቱንም ተወው። ቡድኑም ከከተማ ከተማ ሲዞር ከሰረና ተበተነ።

ፊልም የጀመረው በ1934፣ ሃያ ዘጠኝ ዓመት ሲሆነው ነው። መጀመሪያ ላይ ትንንሽ ሚና ነበር የሚሰጠው። በ1936 ሚዞጉቺ በሚባል ዳይሬክተር ፊልም ውስጥ መርማሪ ፖሊስ ሆነ። በ1939 ደግሞ በአንድ ዘፈን የበዛበት የድሮ ዘመን ኮሜዲ ውስጥ ጃንጥላ እየሠራ የሚኖር፣ ያገኘውን ሳንቲም ሁሉ አሮጌ ዕቃ እየገዛ የሚጨርስ አባት ሆኖ ተጫወተ። ለአቅመ ሔዋን የደረሰች ልጅ አባት ሲሆን ዕድሜው 34 ነበር። ይዘፍናልም፤ ድምፁ ወፍራምና ደስ የሚል ነው። የሽማግሌ ፊት ይዞ የተወለደ ይመስለኛል። ብዙ ተዋናይ ከዕድሜው በታች ለመታየት ሲታገል እሱ ከዕድሜው በላይ ሆኖ ኖረ፤ በዚህም ሥራ ሳያጣ ከ200 በላይ ፊልሞች ላይ ታየ።

በጦርነቱ ዘመን በፖለቲካ የሚጠረጠሩትን የሚያሳድደው ልዩ ፖሊስ የሚባለው ይዞት ነበር። ወጣት ሳለ ከግራ ክንፍ የቲያትር ሰዎች ጋር መዋሉን ሰበብ አድርገው ሦስት ሳምንት ያህል አሰሩት። ጦርነቱ ባለቀ ማግስት፣ በ1946፣ «ሰባቱ ሳሙራይ»ን የሠራው ዳይሬክተር አኪራ ኩሮሳዋ የዚያኑ ፖሊስ ሹም አድርጎ አጫወተው። ያሰሩትን ሰዎች ፊት በቅርብ የሚያውቅ ተዋናይ ነበር።

ኩሮሳዋ በሕይወቱ 30 ፊልሞች ሠርቷል። ሺሙራ በ21ዱ አለበት። ሚፉኔ እንኳ ያለው በ16ቱ ነው። የሺሙራው ከ1943 እስከ 1980 ማለት ነው፣ የአንድ ሰው ሙሉ የሥራ ዘመን። በ1948 የሚጠጣ፣ የሚሳደብ፣ ግን የድሀ ሰፈር በሽተኞቹን የማይተው ሐኪም ሆነ። በ1949 ሽጉጡን ለተሰረቀ ወጣት ፖሊስ ሥራ የሚያስተምር መርማሪ። በ1950 «ራሾሞን» ላይ እንጨት ቆራጭ ሆኖ፣ መጨረሻ ላይ የተጣለ ሕፃን አንስቶ ያቅፋል፤ ቤቱ ስድስት ልጆች እያሉት ሰባተኛ ሊያሳድግ።

አሁን ወደ ወደድከው ሰው ልመለስ። ያ አለቃቸው፣ ካንቤ፣ ፊልሙ ውስጥ መጀመሪያ የሚታየው ጸጉሩን ሲላጭ ነው። አንድ ሌባ ሕፃን ይዞ ጎጆ ውስጥ ተደብቋል፤ ካንቤ መነኩሴ መስሎ ለመግባት ነው የሚላጨው። ለሳሙራይ ጸጉሩ ክብሩ ነው። ሕዝቡ ከቦ ዝም ብሎ ያያል፤ ወሬ የለም፣ ማስረዳት የለም። ሺሙራ አንገቱን ደፍቶ ምላጩን ይጠብቃል። ከዚያ በኋላ ፊልሙ እስኪያልቅ ድረስ እጁን ልብ በለው። ሲያስብ ራሱን ይዳብሳል፤ ሲያፍር ይዳብሳል፤ ሲስቅም ይዳብሳል። አዲስ የተላጨ ሰው እንደሚያደርገው። ያቺን አንዲት እንቅስቃሴ ይዞ ሦስት ሰዓት ተኩል የሚጠጋ ፊልም ውስጥ ሰውዬውን ሕያው አደረገው። እና ሽማግሌ ትለዋለህ እንጂ ያን ጊዜ ገና 49 ዓመቱ ነበር።

በዚያው በ1954 ምን እንደሠራ ልንገርህ? ልጆቹ የሚወዱት ጎድዚላ የመጀመሪያው ፊልም የወጣው ያኔ ነው። እዚያ ውስጥ ያሉት አዛውንት ሳይንቲስት፣ ዶክተር ያማኔ፣ እሱ ነው። ሰው ሁሉ ፍጡሩን ግደሉት እያለ ሲጮህ እሳቸው ብቻ መብራት አጥፍተው ጨለማ ውስጥ ተቀምጠው ያዝናሉ፤ ሊገድሉት ሳይሆን ሊያጠኑት ነው የሚፈልጉት። የአውሬ ፊልም ነው ብሎ አላቃለለውም። ለካንቤ የሰጠውን ያህል ሰጠው። እኔ ተዋናይ የምለው ይህን ነው።

ኋላ ላይ ጃፓኖች በጣም በሚወዱት፣ ቶራ የሚባል አዟሪ ነጋዴ ታሪክ በሚተረክበት ተከታታይ ፊልም ውስጥ የአንድ ፕሮፌሰር ሚና ያዘ። በ1969ኙ የመጀመሪያ ፊልም ከልጁ ጋር ለዓመታት የተኳረፈ አባት ነው። ሠርጉ ላይ ይመጣል፣ አቀርቅሮ ይቀመጣል፤ ተናገር ሲባል ቃሉ አልወጣ ይለዋል። በ1971 ደግሞ ሚስቱ ሞታበት ብቻውን የቀረ አባት ሆኖ ተመለሰ። ለቶራ አንድ ነገር ያጫውተዋል፦ ምሽት ላይ በገጠር መንገድ ብቻውን ሲሄድ አንድ የገበሬ ቤት ያያል፣ ደጁ ላይ አበባ አብቦበታል፤ ውስጥ መብራት በርቷል፣ ቤተሰቡ ተሰብስቦ እራት ይበላል። የሰው ልጅ እውነተኛ ኑሮ ይህ ነው ይለዋል። በቃ፣ ተቀምጦ ማውራት ብቻ ነው። እኔ ግን ሳየው እንባዬ መጣ።

በ1980 ኩሮሳዋ «ካጌሙሻ» ላይ ለእሱ ብሎ አንድ ሚና ጻፈለት። ወደ ውጭ አገር በተላከው ቅጂ ግን ያ ክፍል ተቆርጦ ወጣ፤ ብዙ ሰው መኖሩን እንኳ ሳያውቅ ቀረ። ይህ እስካሁን ያናድደኛል። ደግነቱ ኋላ በዲቪዲ ሲወጣ መልሰውታል። በየካቲት 1982፣ በ76 ዓመቱ፣ በሳንባ በሽታ አረፈ።

ኢኪሩን ሆን ብዬ ነው ያቆየሁት። የ1952 ፊልም ነው። በፍላሽ ልኬልሃለሁ፤ ልጆቹ ይክፈቱልህ።

ሺሙራ እዚህ ላይ ዋታናቤ የሚባል የማዘጋጃ ቤት ኃላፊ ነው። ሥራ ከጀመረ ሠላሳ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀርቶታል፤ ወረቀት ላይ ማህተም ሲያደርግ ይውላል። ማህተሙን የሚጠርግበት ወረቀት አለ፤ ወጣት ሳለ ሥራ እንዴት እንደሚሻሻል የጻፈው ጥናት ነው፣ ገጹን እየቀደደ ይጠርግበታል። የሰፈር ሴቶች የሚሸት ኩሬ ይደፈንልን ብለው ሲመጡ ከክፍል ክፍል ያንከራትቷቸዋል። አንተ ባለጉዳይ ሲጠፋበት እጁን ይዘህ እስከ ቢሮው ታደርስ ነበር፤ ስለዚህ ይህ ሰው ያናድድሃል። ታገሰው።

ዋታናቤ የሆድ ካንሰር ይዞታል። ሐኪሞቹ አይነግሩትም፤ ቀላል የጨጓራ ቁስል ነው ይሉታል። እሱ ግን ያውቃል። ልጁና ምራቱ ማታ ሲገቡ በጨለማው ውስጥ በጡረታ ገንዘቡ ምን ዓይነት ቤት እንደሚሠሩ እያወሩ ነው። መብራቱን ሲያበሩት እሱ እዚያው ቁጭ ብሏል። ኋላ ልጁ ከፎቅ «አባባ!» ብሎ ይጠራዋል። ሺሙራ ደረጃውን እንዴት እንደሚወጣ እይ። ፊቱ ላይ ተስፋ አለ፤ ሊነግረው ነው። ልጁ የጠራው በሩን መቆለፍ እንዳይረሳ ሊነግረው ኖሯል። ሽማግሌው እዚያው ደረጃው ላይ ይቀራል።

ሳይናገር ይሞታል። ያን ኩሬ አስደፍኖ፣ የልጆች መጫወቻ አሠርቶ፣ በረዶ እየወረደበት ዥዋዥዌው ላይ ተቀምጦ ዝቅ ባለ ድምፅ እየዘፈነ። ለልጁ የባንክ ደብተሩንና የጡረታ ወረቀቱን ደረጃው ላይ አስቀምጦለት ሄዷል። ልጁም ለቅሶ ላይ ተቀምጦ፣ ለምን አልነገረኝም ይላል።

አባዬ፣ ባለፈው ወር ሐኪም ቤት ደርሰህ ስትመጣ «ምንም አይደል፣ ትንሽ ጨጓራ ነው» ብለኸኛል። እህቴ ግን ለሌላ ምርመራ ተመለስ መባልህን ነግራኛለች። እንዳልጨነቅ ብለህ እንደሆነ ይገባኛል። በአገራችን ክፉ ወሬ ለሩቅ ሰው አይነገርም፤ አንተም ያደግክበት ነው። እኔ ግን ደረጃው ላይ ያስቀረሁህ ልጅ መሆን አልፈልግም። ምን እንዳሉህ ከአንተ አፍ ልስማ። ቀላል ከሆነ አብረን እናመሰግናለን፤ ካልሆነም ቲኬት ቆርጬ እመጣለሁ፣ አሠሪዬንም አነጋግሬዋለሁ።

ማክሰኞ ከሐኪም ስትወጣ፣ ታክሲ ሳትሳፈር፣ ደውልልኝ። በማንኛውም ሰዓት አነሳለሁ።

ለእማዬ ጉልበቷን ስሜያለሁ በልልኝ። ምርቃትህ አይለየኝ።

የምትወድህ ልጅህ