የኬሚስትሪ ክበብ ዘገባ፦ የገንዳው አሲድ

ዘንድሮ የጀመርነው በከርከዴ ነው። ዘፍዝፈን አቼቶ ጠብ ስናደርግበት ደመቀ፤ የሳሙና ውኃ ሲነካው ወደ አረንጓዴ ዞረ። ሐይቅ ከተማ ወርደን የሐይቁንም ውኃ ለካን፤ መውጫ ስለሌለው ጨው ያጠራቅማል፣ ቤዝ ሲያገኝ የሚቀላው መለኪያ ቀለም፣ ፌኖል ሬዱም፣ ክፉኛ ቀላ። ከዚያ እዚሁ ኮምቦልቻ ያለ አንድ ሆቴል የልጆች መዋኛ ገንዳውን እንድንመረምር ፈቀደልን።

ገንዳው አሲድ ሊጨመርበት ይችላል ስንል ግን "አሲድ" የሚለው ቃል ወላጅ አስደነገጠ። የአንዲት ተማሪ እናት በማግስቱ መጥተው "መምህር፣ ልጄን ምን ሊያስነኩብኝ ነው?" አሉኝ። ተገቢ ጥያቄ ነው። ተማሪዎች ይለካሉ፣ ያሰላሉ፤ አሲዱን የሚነካው የገንዳው ሠራተኛ ብቻ ነው ብዬ ቃል ገባሁ።

ሠራተኛው ጋሼ "ክሎሪን በላይ በላይ እጨምራለሁ፣ አረንጓዴው አይለቅም" ይሉ ነበር። ፒኤቹ (የአሲድነትና የቤዝነት መለኪያው፤ ከፍ ሲል ቤዝ ነው) 8.2 ሆኖ ተገኘ። መሆን ያለበት ከ7.2 እስከ 7.8 ነው፤ ከዚያ ሲያልፍ ክሎሪኑ ውኃው ውስጥ እያለም ጉልበት ያጣል። አልካላይኒቲው፣ ማለትም ውኃው አሲድን የመቋቋም አቅሙ፣ በሊትር 130 ሚሊግራም ነበር፤ አሲድ ጨምረን ወደ 120 ለማውረድ ተነሣን።

ገንዳው 10 ሜትር በ5 ሜትር፣ አማካይ ጥልቀቱ 1 ሜትር ነው፤ 50 ሜትር ኩብ። 31 በመቶ የሆነ ሃይድሮክሎሪክ አሲድ 1 ሊትር ያህል ይበቃል። አንዱ ቡድን ግን የጥልቁን ጫፍ 2 ሜትር ይዞ 2 ሊትር አወጣ። ሰሌዳ ላይ ቢሆን ስሕተቱ ነጥብ ብቻ ያስቀንስ ነበር።

ዕቃ ቤቱን ስናይ የአሲዱ ጀሪካን ከክሎሪኑ ባልዲ ጋር ተጠግቶ ተቀምጧል። ሁለቱ ቢገናኙ የሚወጣው መርዘኛው የክሎሪን ጋዝ ነው። ሌላው ሁሉ ቀርቶ ለየብቻ ማስቀመጣቸው ብቻ የዓመቱን ድካም ይክሳል።

ጋሼ የጎማ ጓንትና መነጽር አድርገው፣ ለነፋሱ ጀርባቸውን ሰጡ። መጀመሪያ ባልዲው ውስጥ ውኃ፣ ቀጥሎ አሲዱ በቀስታ፤ ውኃ አሲድ ላይ ከተጨመረ ሞቆ ሊረጭ ይችላል። ዋናተኛ ሳይኖር፣ ፓምፑ እየሠራ፣ ግማሹን ሊትር ጥልቁ በኩል እያዞሩ አፈሰሱ። ከ4 ሰዓት በኋላ ስንለካ ፒኤቹ 7.6።

"መምህር፣ ሒሳባችን 1 ሊትር አይደል?" ብለው ተከራከሩኝ። ሒሳቡ ለአልካላይኒቲው ነበር፤ ፒኤቹ ቀድሞ ወረደ። ቀሪው ግማሽ ሊትር ሳይፈስ ቀረ።