የማልደውለው ስልክ

ልጄ፣

ሳሮ። ሰላምሽ ይብዛ። እኛ ደህና ነን። ጨንቻ እንደምታውቂው ነው፤ ጭጋጉ እስከ ረፋድ አይነሳም፣ እናትሽም ጋቢዋን ከትከሻዋ አታወርድም።

መልእክትሽ ደርሶኛል። «አባዬ፣ የምክር ቤት አባል ነህ፤ ሥራውን እንዳገኝ አንድ ስልክ ብትደውልልኝ ምን አለበት?» ብለሽኛል። ሁለት ሌሊት አሰብኩበት። አልደውልም። በቃል ብነግርሽ ድምፅሽ ሲሰበር እሸነፋለሁ፤ ስለዚህ ጻፍኩት።

አንቺ ሳትወለጂ ጓሯችን እንሰትና ገብስ ብቻ ነበር። አፕልን ወደ ጨንቻ ያመጡት ሚሲዮናውያን ናቸው፤ ወደ ገበሬው ጓሮ የገባው ከእነሱ ነው። እኔ በአራት እግር ጀመርኩ። አፕል ብርድ ይወዳል፤ የእኛ ብርድ ግን ዓመቱን ሙሉ አንድ ዓይነት ስለሆነ ዛፉ መቼ ተኝቶ መቼ እንደሚነቃ ይጠፋዋል። ለዚህ ነው ቅጠሉን በእጃችን የምናራግፈው። ከትምህርት ቤት መጥተሽ ደብተርሽን ሳታስቀምጪ ወንበር ላይ ቆመሽ የታችኛውን ቅርንጫፍ ታራግፊ ነበር። «አና» የምትባለው የአፕል ዝርያ ብቻዋን በደንብ አታፈራም፣ «ዶርሰት ጎልደን» አጠገቧ ትፈልጋለች ስልሽ፣ «ጓደኛሞች ናቸው?» ብለሽ ጠየቅሽኝ። አሁንም አበባ ባየሁ ቁጥር ትዝ ይለኛል።

ከፍሬው ይልቅ ቤታችንን ያቆመው ችግኙ ነው። ቆርቆሮው፣ ዩኒፎርምሽ፣ የዩኒቨርሲቲ ወጪሽ ከዚያ ነው የወጣው። የችግኝ ገበያው ሲደራ ግን ሌላም ነገር አብሮ መጣ። አንድ ነጋዴ «አና ነው» ብሎ 60 እግር ሸጠልኝ። ሦስት ዓመት ኮተኮትኩት። ቅጠል እንጂ አበባ የለውም። ለካ የእኛ ብርድ የማይበቃው ሌላ ዝርያ ነው። ስንቱ ጎረቤት እንደኔ ተታሏል መሰለሽ! አቤቱታ ይዘን ከአንዱ ቢሮ ወደ ሌላው ተመላለስን። የሰማን አልነበረም። ያን ጊዜ ነው ሰዎቹ «አንተ ተናገርልን» ያሉኝ።

ሰኔ 14 ቀን 2013 ተመረጥኩ። መጀመሪያ ለስብሰባ ሀዋሳ ድረስ እሄድ ነበር። በነሐሴ 2015 የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት ወንበራችንን ይዘን ወደ አዲሱ ምክር ቤት ተሻገርን፤ አሁን ቁልቁለቱን ወርጄ አርባ ምንጭ እሰበሰባለሁ። ችግኝ የሚሸጥ ሁሉ የዝርያውን ስም ጽፎ እንዲያስር፣ ካታለለም እንዲጠየቅ ተናግሬያለሁ። እስካሁን አልተቋጨም። ይህ በጣም ያመኛል፤ የመረጡኝ ሰዎች ዓይን ውስጥ አየዋለሁ።

አያትሽ ሃላቃ፣ በጋሞ ወግ የሚሾም የሕዝብ መሪ፣ እንደነበሩ ታውቂያለሽ። ሃላቃ ሲሾም ድግስ ደግሶ ያለውን ለሕዝቡ ያበላል። አያትሽ በሬያቸውን ያረዱት ለዚያ ነው፤ ከሹመቱ ወደ ቤት ያመጡትን አንድ ነገር አላስታውስም። መስከረም 2011ንም አስቢው። ቡራዩ ላይ የጋሞ ተወላጆች መገደላቸው ከተሰማ በኋላ አርባ ምንጭ ላይ የተቆጣው ወጣት ሊበቀል ሲወጣ የጋሞ ሽማግሌዎች እርጥብ ሳር ይዘው ፊቱ ተንበረከኩ። ወጣቱ ተመለሰ። እኔ እንደሚመስለኝ የተመለሰው እነዚያ ሰዎች ዱቡሻ፣ የሕዝብ መሰብሰቢያው፣ ላይ ሲቀመጡ ለራሳቸው ምንም እንደማይጠይቁ ስለሚያውቅ ነው። በእኛ ወግ የሕዝብን አደራ ለራስ ማድረግ ጎሜ ነው፤ መቅሰፍት የሚያመጣ ነውር።

እኔ ብደውልልሽ ቦታው ላንቺ ይሆን ይሆናል። ግን ከዝርዝሩ የሚሰረዝ ልጅ አለ። የዚያ ልጅ አባት ምናልባት ያኔ ከኔ ጋር በየቢሮው ደጅ የጠና ሰው ነው። ነገ ቅዳሜ ገበያ ሳገኘው ምን ብዬ ሰላም እለዋለሁ?

እንደምትከፊ አውቃለሁ። ተቆጪኝ፣ ግን ስልኬን አንሺ። ለፈተና የምትሄጂበትን ትራንስፖርት፣ የማረፊያውንም እኔ እችላለሁ፤ 40 ችግኝ ለዚያ ብዬ ለይቻለሁ። ያለፈውን ፈተና ጥያቄዎችም የምታስታውሺውን ጽፈሽ ላኪልኝ፣ ማታ ማታ በስልክ እጠይቅሻለሁ።

ሐሙስ በሚነሳው አውቶቡስ አንድ ካርቶን አፕል ልኬልሻለሁ። መናኸሪያ ሄደሽ ተቀበዪ። ከላይ ያሉት የበሰሉ ናቸው፣ እነሱን ቀድመሽ ብዪ። ከታች በጋዜጣ የጠቀለልኳቸው የዚያች ወንበር ላይ ቆመሽ ታራግፊያት የነበረችው ዛፍ ናቸው።

አባትሽ