የክርስትና ልጅሽ ጉድ አፍልታለች

ሚሚዬ፣

ስድብሽን ችዬ እቀበላለሁ። ጠፋሁ፤ የእናትሽን ለቅሶ እንኳ በስልክ ነው የደረስኩት። በሰፊው ይቅርታ የምጠይቅሽ ስንገናኝ ነው፤ አሁን ግን ጭንቅ ላይ ነኝ።

ያቺ የክርስትና ልጅሽ ነርሲንጉን ትታ ተዋናይ ልሁን ብላለች። «ሎስ አንጀለስ ልጅ እያሳደግሽ ምን ጠብቀሽ ነበር?» እንዳትዪኝ! ለፊልም አጃቢነት ተመዝግባ፣ ይደውሉልኛል ብላ ስልኳን ታቅፋ ነው የምታድረው።

ላስፈራራት ብዬ የድምፅ አልባ ፊልም ዘመንን ታሪክ አገላበጥኩልሽ። ያኔም ከየአገሩ ዝና ፍለጋ የሚጎርፈው ሰው በዝቶ፣ እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ የሆሊውድ ንግድ ምክር ቤት ራሱ «አትምጡ» የሚል ማስታወቂያ አውጥቶ ነበር። ከታች ከጀመሩት 100,000 ሰዎች መካከል ጫፍ የደረሱት 5 ብቻ ናቸው ይላል። አነበብኩላት። «አምስቱ እነማን ናቸው?» አለችኝ፣ በጉጉት!

የዚያን ዘመን የፊልም ተዋናይ ክላራ ቦውን አመጣሁባት። የኒው ዮርክ ብሩክሊን ድሃ ልጅ ናት። እ.ኤ.አ. በ1921 አባቷ በሰጣት አንድ ዶላር ኮኒ አይላንድ ሄዳ ርካሽ ፎቶ ተነሣች፤ በዚያ ፎቶ የመጽሔት ውድድር ገብታ አሸነፈች። በዓመቱ የመጀመሪያ ፊልሟ ሲወጣ ግን የሷን ትዕይንቶች ቆርጠው ጥለዋቸዋል። እናቷ ደግሞ አእምሮዋ የታወከ ነበረች፤ አንድ ሌሊት ክላራ ስትነቃ የሥጋ ቢላ ጉሮሮዋ ላይ ይዛባታለች።

ልጅሽ ምን ብትል ጥሩ ነው? «አንቺስ ቢላውን የት ደበቅሽው?»

አብሬያት ሳቅኩ። ከዚያ ሻወር ቤት ገብቼ አለቀስኩ።

ክላራ በ1927 አሜሪካን ጉድ ያሰኘች ኮከብ መሆኗን ዘልዬባት ነበር፤ ለካ ቀድማኝ ስልኳ ላይ አይታዋለች። በ28 ዓመቷ ፊልም በቃኝ ማለቷን ስነግራት ደግሞ «ለኔ ገና ዘጠኝ ዓመት አለኝ» ብላኝ እርፍ።

አንድ ነገር ደግሞ… ተይው። አይ፣ ላንቺ ካልነገርኩ ለማን እነግራለሁ? ትናንት መስታወት ፊት ቆማ፣ እንደነዚያ ፊልሞች ያለ ድምፅ ማልቀስ ስትለማመድ በበሩ ስንጥቅ አየኋት። አገጯ ብቻ ነበር የሚንቀጠቀጠው። ሮጬ ገብቼ ላቅፋት ምንም አልቀረኝም። ጎበዝ ናት፣ ሚሚ። ባትችል እኮ እንዲህ ባልተጨነቅኩ።

እሁድ ከቅዳሴ መልስ ደውዪላት፤ ያንቺን ትሰማለች። ቢያንስ ይህን ሴሚስተር ትጨርስልኝ። እኔና አንቺ ለኦዲሽን ብለን ከማትሪክ ፈተና ልንቀር የነበረውን ግን ትንፍሽ እንዳትዪ፣ በማርያም!

ጠፊዋ ጓደኛሽ