የልጅህ ጉዳይ ነው፣ ሳታኮርፍ አንብበው

ወንድሜ፣

«እንደምን ከረምክ» ብዬ ልጀምር አልኩና አፈርኩ። ሦስት ዓመት ሙሉ ድምፄን አጥፍቼ ዛሬ ምን ብዬ ነው ክራሞትህን የምጠይቀው? ጥፋቱ የኔ ነው፣ ይቅር በለኝ። የዚያን የፋሲካ ዕለት ነገር አላነሳውም፤ አንተም አታንሳው። ስንገናኝ በአፍህ ሙሉ ትሰድበኛለህ።

የጻፍኩልህ በልጅህ ምክንያት ነው። ባለፈው ሳምንት ደወለልኝ። «አባዬ እንዳይሰማ» ብሎኝ ነበር፤ ይኸው እየነገርኩህ ነው፣ ሆዴ ምስጢር እንደማይቋጥር ከማንም በላይ አንተ ታውቃለህ። በበረዶ ሆኪ የጁኒየር፣ የወጣቶች ሊግ፣ ዘመኑ አልቋል፣ በድራፍት (ክለቦች ወጣቶችን በተራ በሚመርጡበት) ማንም አልጠራውም፣ አሁን አንድ የኤኤችኤል (ከዋናው ሊግ አንድ ደረጃ ዝቅ ያለው) ቡድን ውል ልኮለታል። እስከ ዓርብ ፈርም ብለውታል። እሱ ዋናው ሊግ፣ ኤንኤችኤል፣ የገባ ያህል ተደስቷል። አንተ ደግሞ «በረዶ ላይ ተንሸራትቶ ቤት የሠራ ሰው አላየሁም» ብለሃል አሉ። በካልጋሪ ክረምት ከመኪናህ እስከ ደጃፍህ አጥር ይዘህ የምትሄድ ሰው እንዲህ ብትል አልፈርድብህም። ግን ሁለታችሁም ነገሩን በተሳሳተ በኩል ነው የያዛችሁት።

ውሉን ልኮልኝ አየሁት። የተጻፈው ከኤኤችኤል ቡድኑ ጋር ነው እንጂ ከላይኛው የኤንኤችኤል ክለብ ጋር አይደለም። ይህ ቀላል ነገር እንዳይመስልህ፤ ላይ ቤት አንድ ሰው ተጎድቶ ልጅህን ቢፈልጉት እንኳ አዲስ የኤንኤችኤል ውል ሳይፈርም ሊያጫውቱት አይችሉም። ደግሞ ሁለት ደመወዝ አለበት፤ አንዱ ኤኤችኤል ሲጫወት፣ ሌላው ከዚያም በታች ወዳለው ሊግ፣ ወደ ኢሲኤችኤል፣ ሲወርድ። ወጣቶቹ ሁሉ ትልቁን ቁጥር ነው የሚያነቡት። አንተ ትንሹን አንብብ፤ የመጀመሪያውን ዓመት የሚበላው ምናልባት እሱን ነው። ኢሲኤችኤል የሚከፍለው በሳምንት ነው፣ እሱም ውድድር ባለበት ጊዜ፣ ከኦክቶበር እስከ ኤፕሪል። ማደሪያውን ቡድኑ ይሰጣል። ሰመር ላይ ግን ራስህን ቻል ነው፤ የጂሙም፣ የበረዶ ሜዳው ኪራይም ከኪሱ ነው የሚወጣው።

ላይ ያለው ገንዘብ ግን ዓይን ያጠፋል። በ2025-26 ዝቅተኛው የኤንኤችኤል ደመወዝ 775,000 ዶላር ነው፤ ለውድድር ዘመኑ 190 ቀን ገደማ ስታካፍለው በቀን 4,000 ዶላር አካባቢ ይመጣል። የኤንኤችኤልና የኤኤችኤል ሁለት ደመወዝ ላለው ተጫዋች የሚታሰበው በቀን ነው። ላይኛው ቡድን ዘንድ ሦስት ቀን ከዋለ የሦስት ቀን ይቀበላል፣ በአራተኛው ቀን ወደ ታች የሚመልሰው አውቶቡስ ላይ ነው። በዚያች ሦስት ቀን መኪና የገዛ ስንቱ ነው! ልጅህን ስለዚህ አስጠንቅቀው፤ እኔ ብናገር አይሰማኝም።

አሁን ማንም የማይነግርህን ልንገርህ። በዚህ ሥራ ልምድ ሲበዛ በሩ ይጠብባል። ኤኤችኤል ወጣት ማሳደጊያ ሊግ ስለሆነ፣ ለአንድ ጨዋታ ከሚሰለፉት 18 ተጫዋቾች (በረኞቹን ሳትቆጥር) ቢያንስ 13ቱ ገና በማደግ ላይ ያሉ መሆን አለባቸው፤ 12ቱ ከ260 የፕሮፌሽናል ጨዋታ ያልበለጡ፣ አንዱ ከ320 ያልበለጠ። የውድድር ዘመኑ 72 ጨዋታ ነው፤ አስላው። አራት ዓመት ተኩል ሳይሞላ ልጅህ «አንጋፋ» ተብሎ ለአምስት ቦታ ከሌሎች አንጋፋዎች ጋር ይሻማል። ወደ ታች ብወርድስ ቢል፣ ኢሲኤችኤልም አንድ ቡድን ከአራት በላይ አንጋፋ እንዲያሰልፍ አይፈቅድም። በ25 ዓመቱ ሽማግሌ! ብዙዎቹ በዚህ ጊዜ ነው ወደ ጀርመን፣ ወደ እንግሊዝ፣ ወደ ስሎቫኪያ የሚሻገሩት፤ እዚያ ከደመወዝ ጋር ቤትና መኪና ይሰጣሉ፣ የውጭ ዜጋ ቁጥር ግን የተወሰነ ነው።

ስለዚህ ጥያቄው «ኤንኤችኤል ይደርሳል ወይ» አይደለም። «በምን ይፈለጋል» ነው። የድሮውን የኤንኤችኤል ተጫዋች ማይክ ሲሊንጀርን ልጅህ ያውቀዋል፣ ጠይቀው። የካናዳዋ የሬጂና ሰው ነው፣ በ1989 የዲትሮይት ቡድን በድራፍት 11ኛ አድርጎ ወሰደው። ከዚያ በኋላ ለ12 ቡድን ተጫውቷል፤ በኤንኤችኤል ከእሱ በላይ ብዙ ቡድን የቀያየረ የለም። 9 ጊዜ በልውውጥ ሄዷል፤ አዲስ አበባ በየበሩ «ልዋጭ!» ይሉ የነበሩትን ታስታውሳለህ? እንደዚያ ነው፣ በአሮጌ ሱሪ ሣህን። «አልሄድም» የማለት መብት ውሉ ላይ ያልተጻፈለት ተጫዋች አይጠየቅም፣ ይነገረዋል እንጂ። ሰውየው ግን 1,049 ጨዋታ ተጫውቷል። ኮከብ ሆኖ መሰለህ? ፌስኦፍ (ዳኛው ኳሷን ፓክን በሁለት ተጫዋቾች መሐል ሲጥል የሚደረገውን ሽሚያ) ያሸንፍ ነበር፣ ቡድኑ በቅጣት አንድ ሰው ሲጎድልበት ይከላከል ነበር። ይህች ሙያ የትም ቡድን ትፈለጋለች። ኮለምበስ በነበረበት ጊዜ የተወለደለትን ልጅ፣ ኮልን፣ በ2021 ያው የኮለምበስ ቡድን 12ኛ አድርጎ መረጠው። አባት 11ኛ፣ ልጅ 12ኛ፤ ይህን ለአንተ ነው የምነግርህ፣ ወሬ ስለምትወድ።

ያንተ ልጅ ቀኝ እጅ መሐል ተጫዋች ነው። ሀብቱ ይህ ነው፣ ግን ጎል ነው የሚያስበው። ፌስኦፍ ይለማመድ በለው፤ በተለይ በራሱ ቡድን ክልል። እዚያ ዱላውን ቀድሞ በረዶው ላይ የሚያኖረው የሚከላከለው ነው፤ ተቃራኒው የእጁን አያያዝ አይቶበት ነው የሚጠብቀው። በዚህ ጉድለት ውስጥ ሆኖም የሚያሸንፍበትን መላ ካወቀ አሠልጣኝ አይጥለውም።

አሁን ወደኔ ሙያ፣ የበረዶ ጫማ ስለት ወደ መሳሉ፣ «ቢላ የሚስለው» እያልክ ወደምትስቅበት። ቡድን ሲቀየር መጀመሪያ የሚበላሸው የጫማው ስለት ነው። ልጅህ የለመደው ስለቱ ሥር የሚወጣውን የግማሽ ኢንች ጎድጓድ ነው። አዲሱ ቡድን ዘንድ ያለው ስለት ሳይ ካልተነገረው የራሱን ይስልለታል። ከዚያ ጠልቆ ከተሳለ በረዶውን ይነክሳል፣ እግር ያደክማል፤ ወደ አምስት ስምንተኛ ካሳሳው ደግሞ ይንሸራተታል ግን መታጠፊያ ላይ ያመልጣል። ልጁ በመጀመሪያው ጨዋታ ሁለቴ ይወድቃል፣ አሠልጣኙ «ፈዛዛ ነው» ይላል፣ አለቀ። ጎድጓዱን፣ የስለቱን ቁመትና ቅስት፣ የዱላውን ጥንካሬና ጉብጠት በአንዲት ካርድ ጽፎ ቦርሳው ውስጥ ይያዝ። ሁለት ትርፍ ስለትም። ፓስፖርቱም እዚያው ይሁን፤ ጥሪው ማታ መጥቶ ጉዞው ንጋት ላይ ሊሆን ይችላል፣ በድንበርም በኩል።

ትምህርቱን አልዘነጋሁትም፣ አትቆጣ። በዳብልዩኤችኤል፣ በምዕራብ ካናዳው የጁኒየር ሊግ፣ ለተጫወተበት ለያንዳንዱ ዓመት የአንድ ዓመት የትምህርት፣ የመጻሕፍትና የግዴታ ክፍያ አለው፤ አራት ተጫውቷል፣ አራት አለው። ግን ጊዜ ገደብ አለበት፣ የሚፈርመው ውል ዓይነትም ሊያሳጣው ይችላል። የአሜሪካ ኮሌጆችም ከኦገስት 1 ቀን 2025 ጀምረው የካናዳ ጁኒየር ተጫዋቾችን መቀበል ጀምረዋል፤ ከፈረመ በኋላ ግን ያንን በር ማስከፈት ይከብደዋል። ነገ ጠዋት የድሮ ቡድኑ ቢሮ ይደውልና «ይህን ብፈርም ስኮላርሺፔ ምን ይሆናል» ብሎ መልሱን በጽሑፍ ይቀበል። በቃል አይሆንም። መልሱ ሳይመጣ ዓርብ ከደረሰ ቀን ይለምን፤ የሚፈልጉት ከሆነ ሦስት ቀን ይሰጡታል።

እኔ ፈርም አላልኩትም። አትፈርም ብዬም አላልኩትም። «አባትህን አናግረው» ስለው ዝም አለኝና... እንጃ፣ ያ ዝምታው ነው እንቅልፍ የነሣኝ። የኔንና ያንተን ይመስል ነበር።

እኔን ባትደውልልኝም እሱን ዛሬ ማታ አናግረው። ለእናቱ ሰላም በልልኝ፤ ወይም ተወው፣ ደብዳቤውን እሷ ቀድማ እንደምታነበው አውቃለሁ።

ቢላ የሚስለው ወዳጅህ