የምደባ ክርክር የሚበላሸው ችሎት ሳይደርስ ነው

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፤

ክረምት ላይ የመምህራን ዝውውርና ድልድል በተለጠፈ ቁጥር ድሬዳዋ ውስጥ «ከከተማው ሳቢያን አንሥተው ገጠር ጀልዴሳ ጣሉት፤ ሊከስ ነው» የሚል ወሬ አይጠፋም። ክሱ ግን ብዙውን ጊዜ ይወድቃል። መምህሩ ሳይበደል ቀርቶ አይደለም፤ በመጀመሪያዎቹ ቀናት በሚሠራ ስህተት ነው።

ከሁሉ የሚከፋው ተቃውሞን በመቅረት መግለጽ ነው። አዲሱ ትምህርት ቤት ያልተገኘ መምህር በማስታወቂያ ይጠራል፤ ካልመጣ ይሰናበታል። ያኔ ክርክሩ ስለ ምደባ መሆኑ ይቀርና ከሥራ ገበታ ስለ መቅረት ይሆናል። ሪፖርት ማድረግ ምደባውን አምኖ መቀበል አይደለም፤ በሪፖርት ማድረጊያ ደብዳቤው ላይ «ቅሬታዬ እንደተጠበቀ ሆኖ» ብሎ መጻፍ ይበቃል። ደብዳቤው በ2 ቅጂ ይሁን፤ አንዱ መዝገብ ቤት ይቅር፣ ሌላው ቀንና ቁጥር ተጽፎበት፣ ማኅተም አርፎበት ይመለስ። የቀድሞው ትምህርት ቤት ከፔሮል አውጥቶት አዲሱ ሳያስገባው ደመወዝ የሚቋረጥበትም አለ። ይህ ራሱን የቻለ አቤቱታ ነውና ከምደባው ጋር አይደባለቅ።

ቀጥሎ የመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ ነው። እሱን ዘሎ መደበኛ ፍርድ ቤት የሚሄድ ሰው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 244 መቃወሚያ ይቀርብበትና ፍሬ ነገሩ ሳይነካ መዝገቡ ይዘጋል። የመንግሥት ሠራተኞችን ይግባኝ ወደሚያየው አስተዳደር ፍርድ ቤት የሚኬደው ኮሚቴው አጣርቶ ኃላፊው ከወሰነ በኋላ ነው። የፍሬ ነገር ክርክር እዚያው ያልቃል፤ ወደ ላይ የሚሄደው የሕግ ስህተት ብቻ ስለሆነ «ይህን ማስረጃ ለይግባኝ ላቆየው» ማለት አያዋጣም።

«ትርፍ መምህር» ተብሎ ከትምህርት ቤቱ ለተነሣ ሰው ዋናው ሰነድ የክፍለ ጊዜ ድልድሉ ነው። 12 ክፍሎች በሳምንት 5 ክፍለ ጊዜ ሒሳብ ቢማሩ 60 ይሆናል፤ ለ4 መምህራን 15፣ አንዱ ቢነሣ ለ3ቱ 20 ይደርሳል። ቢሮው 20 ይቻላል ካለ ትርፍ የለም ብሎ መሟገት ድካም ነው። የሚያስኬደው ጥያቄ «ከአራታችን ለምን እኔ?» የሚለው ነው፤ ለዚህም የአራቱም የውድድር ነጥብና የአገልግሎት ዘመን፣ ድልድሉን የሠራው ኮሚቴም ቃለ ጉባኤ እንዲቀርብ ይጠየቅ። የተለጠፈው ዝርዝር ከሰሌዳው ሳይወርድ በስልክ ፎቶ ይያዝ።

ድሬዳዋ ላይ ደግሞ የቋንቋ ጉዳይ አለ። በአማርኛ፣ በአፋን ኦሮሞና በሶማሊኛ ይማራል። በአማርኛ የሠለጠነን መምህር የአካባቢ ሳይንስን በሶማሊኛ ለሚማሩ የ4ኛ ክፍል ልጆች መመደብ፣ ደረጃውና ደመወዙ ስላልተነካ ብቻ «ተመሳሳይ የሥራ መደብ» ሊባል አይችልም። አቤቱታ ጸሐፊዎች ግን ይህን በአንድ መስመር አልፈው ስለ ጀልዴሳ ሙቀት ሁለት ገጽ ይሞላሉ!

ቢሮዎችም የሚሸነፉበት ምክንያት አላቸው። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ውሳኔ በጽሑፍና ከነምክንያቱ እንዲሰጥ ይጠይቃል፤ «ለሥራ ቅልጥፍና ሲባል» ብቻውን ምክንያት አይሆንም። ሐረር ያላችሁ ግን የድሬዳዋን አቤቱታ ገልብጣችሁ ይህን አዋጅ እንዳትጠቅሱ። የሚለየን 50 ኪሎ ሜትር ያህል ቢሆንም ድሬዳዋ ተጠሪነቷ ለፌዴራል መንግሥት ነው፤ ሶፊ ወይም ኤረር ወረዳ ለተመደበ መምህር ግን የሚሠራው የሐረሪ ክልል ሕግ ነው።

የረታ መምህርም ቢሆን ቦታው ተይዞ ሊጠብቀው ይችላል። በእሱ ቦታ የተተካው መምህር የራሱ የምደባ ደብዳቤ አለው፤ በክርክሩ ካልገባ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 358 ፍርዱን ሊቃወም ይችላል። ስለዚህ ምደባው እንዳይፈጸም የሚቀርበው የዕግድ ጥያቄ ከአቤቱታው ጋር በአንድ ቀን፣ ትምህርት ሳይጀመር ይቅረብ። ቦታው ከተያዘ ደግሞ የያዘው ሰው ከመጀመሪያው በክርክሩ እንዲገባ ይጠየቅ። የሚጠየቀው ዳኝነትም «ወደ ቦታዬ ልመለስ» ብቻ አይሁን፤ «ምደባው ተሰርዞ ውድድሩ እንደገና ይሠራ» የሚል አማራጭ ይጨመርበት።

ትምህርት ቢሮዎችን የምንጠይቀው አንድ ነገር ነው፦ ስም ሲለጥፉ ነጥቡንም አብረው ይለጥፉ።

የመምህራንን አቤቱታ የምንከታተል፣ ከድሬዳዋ